የዣክ ታቲ የሥራ ታሪክ፤ ስለ ሣቅና ስለ ዕዳ

በ1934 ዓ. ም. (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በግንቦት ወር፥ ማርሴል ሞስ የተባለው ፈረንሳዊ ሊቅ በፓሪስ በሥነ ልቡና ማኅበር ፊት ቀርቦ ስለ ሰው አካል አንድ ንግግር አደረገ። የንግግሩም ፍሬ ነገር፥ መራመድና መዋኘት፥ መሮጥና ቁጭ ማለት፥ መተኛት እንኳ ሳይቀር፥ ተፈጥሮ ብቻዋን የምትሰጠን ነገር ሳይሆን እያንዳንዱ ሕዝብ ለልጆቹ የሚያስተምረው ሥርዓት ነው የሚል ነበር። ለዚህም ካመጣቸው ምስክሮች አንዱን ከራሱ ሕይወት ወሰደ። በኒው ዮርክ ሆስፒታል ታሞ ተኝቶ ሳለ የአስታማሚዎቹ ሴቶች አረማመድ ከዚህ በፊት የሚያውቀው ሆኖ ታየው፤ ወዴት እንዳየውም ብዙ ካሰበ በኋላ በሲኒማ ያየው መሆኑ ትዝ አለው። ወደ አገሩም ሲመለስ የፓሪስ ልጃገረዶች እንዲሁ ሲራመዱ አገኛቸው። የአሜሪካኖቹ አረማመድ ባሕሩን የተሻገረው በፊልም ተጭኖ ኖሯል።

በእነዚያው ዓመታት፥ በዚያችው ከተማ፥ ቁመቱ ከሰው ሁሉ የሚበልጥ አንድ ወጣት ይህንኑ ነገር በመድረክ ላይ ያሳይ ነበር። መጻሕፍትን አልመረመረም፤ ንግግርም አያደርግም። ባዶ መድረክ ላይ ብቻውን ይቆምና ኳሱ ከሩቅ ሲመጣ የሚያይ በረኛ ይሆናል፤ ቀጥሎ ዓሣ አጥማጅ፥ ቀጥሎም በጡጫ የተመታ ቦክሰኛ ይሆናል። ከሁሉ ይልቅ የተደነቀለት ግን ፈረስና ፈረሰኛ ሆኖ የሚጫወተው ነበር፤ ከወገቡ በላይ ጌታ፥ ከወገቡ በታች ግን እምቢ ያለ ፈረስ። ኮሌት የተባለችው ታላቅ ደራሲ በ1936 ዓ. ም. አይታው በጋዜጣ ስታመሰግነው ያደነቀችው አንድ ሰው ተጫዋቹንም መጫወቻውንም በአንድ ጊዜ መሆን መቻሉን ነው። የዚህ ወጣት ስም ዣክ ታቲሼፍ ይባል ነበር፤ የመድረክ ስሙን ግን አሳጥሮ ታቲ አለው።

ታቲ በጥቅምት 1907 ዓ. ም. ከፓሪስ አጠገብ በምትገኘው በለ ፔክ ተወለደ። አያቱ ዲሚትሪ ታቲሼፍ በፓሪስ የሩስያ መንግሥት ወታደራዊ መልእክተኛ የነበረ መኰንን ነው። የእናቱ አባት ደግሞ ከሆላንድ ወገን የሆነ የሥዕል ክፈፍ ሠሪ ሲሆን፥ በፓሪስ ስም ያለው ሱቅ ነበረው። ልጁም ይህንኑ ሙያ ይወርስ ዘንድ ታስቦ ክፈፍ መሥራት ተማረ። የክፈፍ ሠሪ ልጅነቱ በኋላ ሥራው ላይ ምልክት ሳይተው አልቀረም፤ ፊልሞቹን ያየ ሰው፥ ታቲ ከሥዕሉ ጠርዝ እስከ ጠርዝ አንዲት ጣት የምታህል ቦታ እንኳ ባዶ መተው የማይወድ ሰው እንደ ነበር ይመሰክራል። ከዚያ በኋላ በፈረሰኛ ጦር አገለገለ፤ ራግቢ የሚባለውንም ጨዋታ ወደደ። ሰዎችን ማስመሰል የጀመረውም ከራግቢ ጓደኞቹ ጋር፥ ከጨዋታ በኋላ በሚደረገው ሣቅና ፈንጠዝያ ነው። ቤተ ሰቡ ግን ይህን እንደ ሙያ አልቈጠሩትም።

ከጦርነቱ በፊት የተሳተፈባቸው አጫጭር ፊልሞች ጥቂት ናቸው፤ ከእነርሱም ውስጥ በ1936 ዓ. ም. ረኔ ክሌማን ያዘጋጀው የቦክሰኛው ጨዋታ ይገኝበታል። በጀርመኖች ይዞታ ዘመን ከጓደኛው ከአንሪ ማርኬ ጋር በመካከለኛው ፈረንሳይ ወደምትገኝ ሴንት ሴቬር ወደምትባል ትንሽ መንደር ሄዶ ተጠለለ። መንደሪቱንም አልረሳትም። በ1947 ዓ. ም. ካሜራ ይዞ ተመለሰና "የበዓል ቀን" የተባለውን የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን እዚያው አነሣ።

የፊልሙ ታሪክ አጭር ነው። ወደ መንደሪቱ የበዓል ተጫዋቾች በሠረገላ የእንጨት ፈረሶቻቸውን ጭነው ይመጣሉ፤ አደባባዩ ላይ ምሰሶ ይተከላል፤ ድንኳንም ይጣላል። በድንኳኑ ውስጥ ስለ አሜሪካ ፖስታ ቤት የሚናገር ፊልም ይታያል፤ አሜሪካኖቹ ደብዳቤ በአውሮፕላን እንዴት እንደሚያደርሱ ያሳያል። ፍራንሷ የሚባለው የመንደሩ ፖስተኛ (ታቲ ራሱ ነው) ይህን አይቶና የሰውም ፌዝ ተጨምሮበት እንደ አሜሪካኖቹ ለመፍጠን ይቈርጣል። ከዚያ በኋላ ያለው በብስክሌት ላይ የሚደረግ እብደት ነው። በየቤቱ ቆሞ ወሬ እየተቀበለ፥ አንድ ብርጭቆ ወይን እየተጋበዘ፥ ድርቆሽ በማከማቸት እየረዳ ይሄድ የነበረ ሰው፥ ደብዳቤውን በፈረስ ጭራ ሥር ሰክቶ ያልፋል። ሞስ በሆስፒታል አልጋ ላይ የደረሰበትን ነገር ታቲ እዚህ ላይ በሣቅ አሳየው፤ ሲኒማ ለአንድ ገበሬ መንደር አዲስ አካሄድ አስተማረ፥ አካሄዱም ለመንደሩ አልሆነውም። ፖስተኛው ከነብስክሌቱ ወንዝ ከገባ በኋላ ወደ ድርቆሹ ሥራ ሲመለስ፥ የደብዳቤውን ቦርሳ አንድ ትንሽ ልጅ አንግቶ ይሮጣል። የዚህች ልጅ መሮጥ ነገሩ እንዳላለቀ ማስጠንቀቂያ ይመስላል፤ ልጁ ሲያድግ የሚኖርበትን ከተማ ታቲ ከሃያ ዓመት በኋላ ይሠራዋልና።

ከተጫዋቾቹ ብዙዎቹ የመንደሩ ሰዎች ነበሩ። ፊልሙ ሲያልቅ የሚያከፋፍለው ነጋዴ ለማግኘት ብዙ ተቸገረ፤ በ1949 ዓ. ም. ለሕዝብ ከታየ በኋላ ግን ሰዉ ወደደው፥ በቬኒስም ለድርሰቱ ሽልማት ተሰጠው።

ሁለተኛው ፊልም "የሙሴ ኡሎ የዕረፍት ጊዜ" በ1953 ዓ. ም. ታየ። ታቲ የተነሣበት ጕዳይ በዚያ ዘመን ገና አዲስ ልማድ የነበረውን የባሕር ዳር ዕረፍት ነው። በ1936 ዓ. ም. የወጣው ሕግ ለፈረንሳይ ሠራተኛ ሁሉ በዓመት ሁለት ሳምንት ደመወዝ የሚከፈልበት ዕረፍት ሰጥቶት ነበር። ቀድሞ የባለጠጎች የነበረው የባሕር ዳር እንዲህ ሆኖ የብዙ ሰው ሆነ። ነገር ግን ማረፍን ሕግ ሊፈቅድ ይችላል እንጂ ሊያስተምር አይችልም። በሴን ማርክ የባሕር ዳር ሆቴል የተሰበሰቡት ሰዎች ከቢሮና ከቤታቸው ያመጡትን ልማድ አንዱንም አልጣሉም፤ ነጋዴው በየደቂቃው ወደ ስልክ ይጠራል፤ ጡረተኛው መኰንን ሽርሽሩን እንደ ዘመቻ ይመራል፤ ሚስት ከፊት ባል ከኋላ ሆነው ሁልጊዜ በአንድ መንገድ ይመላለሳሉ። ደወል ሲደወል ይበላሉ፤ ሲመሽ ካርታ ይጫወታሉ። በዚህ ሥርዓት መካከል ፒፓ የያዘ፥ ሱሪው ከቁርጭምጭሚቱ በላይ የቀረ፥ ነፋስ የሚገፋው ይመስል ወደ ፊት ያዘነበለ አንድ ረጅም ሰው በአሮጌ መኪና ይመጣል። ሙሴ ኡሎ ክፉ ነገር አይሠራም፤ ባርኔጣውን እያነሣ ሁሉን ሰላም ይላል። ያጠፋው ጥፋት ቢኖር በእውነት ለማረፍ መምጣቱ ነው።

በዚህ ፊልም የታቲ ጥበብ በሙሉ ተገለጠ፤ ስለዚህ ጥቂት መቈየት ይገባል። አንደኛ፥ ተዋናዩን ፊቱን በቅርብ አጉልቶ አያሳይም። ካሜራው እንደ ጨዋ እንግዳ ራቅ ብሎ ይቆማል፤ ሁሉም ሰው በአንድ ጊዜ ይታያል፤ ቀልዱን ፈልጎ ማግኘት የተመልካቹ ፋንታ ነው። ሁለተኛ፥ ድምፅን እንደ ሥዕል ይጠቀምበታል። ድምፁን ሁሉ ፊልሙ ከተነሣ በኋላ ለብቻው እየቀዳ ይጨምር ነበር። የሆቴሉ የምግብ ቤት በር በተከፈተና በተዘጋ ቍጥር የምትሰጠው ድምፅ ከብዙ ተዋናይ ንግግር ይልቅ ታስቃለች። በባቡር ጣቢያው ድምፅ ማጉያ የሚነገረውን አንድ ሰው እንኳ ሊሰማው አይችልም፥ ሕዝቡ ግን ከአንዱ ሐዲድ ወደ ሌላው ሐዲድ ይራወጣል። ንግግር በታቲ ፊልም ውስጥ ከነፋስና ከጫማ ድምፅ የማይበልጥ ነገር ነው፤ ስለዚህም ፊልሞቹ ለየትኛውም አገር ሰው ቋንቋ አይከለክላቸውም። ሦስተኛውና ዋናው፥ ቀልዱን ለራሱ ብቻ አላስቀረም። በቀደሙት ታላላቆች ዘንድ አሳቂው አንድ ነው፥ ሌላው ሁሉ አጃቢ ነው። በታቲ ዘንድ ግን አስተናጋጁም ሕፃኑም አይስክሬሙም በየተራቸው ያስቃሉ።

ደራሲ፥ አዘጋጅና ተዋናይ እርሱ ነበር፤ ፊልሙን በመቍረጥና በመቀጠል፥ ድምፁንም በማቀነባበር ዘንድ ከእርሱ እጅ ያመለጠ ነገር አልነበረም። ሠዓሊው ዣክ ላግራንዥ በሐሳብና በንድፍ ይረዳው ነበር። የፊልሙ አዋጪ የነበረው ማኅበር ላይ ሙሉ ሥልጣን ባለማግኘቱ ተለይቶ ወጣና በ1956 ዓ. ም. ስፔክታ ፊልም የሚባል የራሱን ማኅበር አቆመ። ከዚያ ወዲያ በላዩ ጌታ አልነበረውም፤ ዕዳ ቢመጣም የሚካፈለው አልነበረም።

"አጎቴ" የተባለው ፊልም በ1958 ዓ. ም. ወጣ። በካን የዳኞችን ልዩ ሽልማት፥ በ1959 ዓ. ም. ደግሞ ለውጭ አገር ፊልም የሚሰጠውን የአሜሪካ ኦስካር አገኘ። ታቲ በሆሊውድ ምን እንዲደረግለት ቢጠየቅ፥ በዚያን ጊዜ ብዙ ሰው የረሳቸውን የድምፅ አልባው ዘመን አሳቂዎች ማክ ሴኔትንና በስተር ኪተንን እንዲሁም ስታን ሎሬልን ለመጐብኘት መለመኑ ይነገራል። በፊልሙ ኡሎ ያረጀ ሰፈር ውስጥ በጣራ ቤት ይኖራል፤ ወደ ቤቱ ለመውጣት በብዙ ደረጃና ኮሪደር ሲዞር ከውጭ በየመስኮቱ እየታየ ነው። የመስኮቱን መስታወት በልክ ሲያዞረው የፀሐይ ነጸብራቅ በጎረቤት ካናሪ ወፍ ላይ ያርፋል፥ ወፊቱም ትዘምራለች። እኅቱና ባሏ ደግሞ አዲስ ዓይነት ቪላ ሠርተዋል፤ በአትክልቱ መካከል ውሃ የሚረጭ የብረት ዓሣ አለ፤ ዓሣው የሚከፈተው ግን የተከበረ እንግዳ በሩን ሲደውል ብቻ ነው። ወንድም ከሆነ የመጣው ወዲያው ይዘጋል። የክብር ደረጃ በውሃ ቧንቧ ሲለካ ከዚህ በተሻለ ያሳየ የባህል ጥናት ማግኘት ያስቸግራል።

የሆነ ሆኖ ይህ ፊልም ከሥራዎቹ ሁሉ ብዙ የተወደደ ቢሆንም ከሁሉ የጠለቀው አይደለም። አሮጌውን ሰፈር ሁሉ ደግ፥ አዲሱን ሁሉ ቀዝቃዛ አድርጎ በአጥር ከፋፍሎታል፤ የድሮ ቤት ክረምትና ጭቃ እንዳለውም አይነግረንም። ታቲን የአዲስ ነገር ጠላት ነው የሚሉት ሰዎች ምስክር የሚያደርጉት ይህንኑ ነው። ቀጥሎ የመጣው ፊልም ግን አባባላቸውን ያፈርሰዋል።

ከ"አጎቴ" በኋላ ኡሎን ለቴሌቪዥን በየሳምንቱ እንዲያቀርብ የቀረበለትን ጥያቄ ታቲ አልተቀበለም። ዝናውንና ገንዘቡን ሁሉ በአንድ ሥራ ላይ አዋለው። በ1964 ዓ. ም. ከፓሪስ ዳር በዧንቪል አካባቢ፥ ኤዤን ሮማን በነደፈው ዕቅድ፥ ከብረትና ከመስታወት የተሠራ ከተማ መገንባት ተጀመረ። ሰዎችም "ታቲቪል" አሉት፤ የታቲ ከተማ ማለት ነው። መንገድ ነበረው፤ የራሱ የኤሌክትሪክ ኃይል ማመንጫም ነበረው። አንዳንዶቹ ሕንፃዎች ካሜራው በሚፈልገው መጠን ወዲያና ወዲህ ይገፉ ነበር። በሩቅ የሚታዩትም ሰዎች አንዳንዶቹ ሰዎች ሳይሆኑ በቁመታቸው ልክ የተቈረጡ ፎቶግራፎች ነበሩ። ማዕበል ከተማውን ጐዳው፤ ገንዘብም በየጊዜው እያለቀ ሥራው ይቆም ነበር። እንዲህ እየሆነ ሦስት ዓመት ፈጀ። ፊልሙም "ፕሌይታይም" ተባለ፤ በታኅሣሥ ወር 1967 ዓ. ም. ታየ።

በዚህ ፊልም ውስጥ መሪ ተዋናይ የለም። ኡሎ አለ፤ ግን በሕዝቡ መካከል ጠፍቷል፥ እርሱን የሚመስሉም ሌሎች ሰዎች በየመንገዱ ያልፋሉ። የመጡት አሜሪካውያን ሴቶች ጐብኚዎች ፓሪስን ሊያዩ መጥተው የሚያዩት በየትኛውም አገር ያለውን የመስታወት ቤት ነው፤ የኤፍል ግንብ ለአንድ አፍታ በሚከፈት የመስታወት በር ላይ ነጸብራቁ ብቻ ይታያል። በመጀመሪያው ክፍል ሰዎቹ እንደ ሕንፃው ቀጥ ብለው ይሄዳሉ፥ በማዕዘን ይታጠፋሉ። ከዚያ በኋላ ግን ሥራው ሳያልቅ የተከፈተ አንድ ምግብ ቤት ይመጣል። የወለሉ ንጣፍ ይነሣል፤ ጣሪያው ይወርዳል፤ የመግቢያው የመስታወት በር ይሰበራል። በር ከፋቹ ግን እጀታውን ብቻ ይዞ በሌለ በር እንግዶቹን እያስገባና እያስወጣ ያድራል፥ እንግዶቹም አመስግነውት ይገባሉ። ቤቱ በፈረሰ መጠን ሰዎቹ እርስ በርሳቸው ይተዋወቃሉ፤ ይዘፍናሉ፤ ይጨፍራሉ። ሲነጋም በአደባባዩ የሚዞሩት መኪናዎች በሙዚቃ ታጅበው እንደ ሴንት ሴቬር የእንጨት ፈረሶች ሲሽከረከሩ ይታያሉ። ይህን የሠራ ሰው አዲሱን ከተማ የሚጠላ አይደለም፤ ሰው የተሰጠውን ቤት እስኪለምደው ድረስ እንደሚሰብረው፥ ከሰበረውም በኋላ እንደሚኖርበት ያወቀ ሰው ነው።

ታቲ ፊልሙ በሰፊው 70 ሚሊሜትር በተዘጋጁ የሲኒማ ቤቶች እንዲታይ በብርቱ አሳሰበ። እንዲህ ያለ ቤት ደግሞ ጥቂት ነበር። ሕዝቡም ኡሎን ፈልጎ ገብቶ ኡሎን በብዛት ሳያገኘው ወጣ። በአሜሪካ እስከ 1973 ዓ. ም. አልታየም። ፊልሙ እንዲያጥር ራሱ ቢቈርጠውም ዕዳውን ሊሸከም አልቻለም። ታቲቪል ለወጣት ፊልም ሠሪዎች ማስተማሪያ ሆኖ እንዲቀር የነበረው ምኞት አልተፈጸመም፤ ከተማው ፈረሰ። የቤተ ሰቡን ቤት ሸጠ፤ ማኅበሩም ከሰረ። ከሁሉ የከፋው ግን የቀድሞ ፊልሞቹ በመያዣ መሄዳቸው ነው። "የበዓል ቀን"ንና "ኡሎ"ን የሠራው ሰው ለዓመታት በእነርሱ ላይ ሥልጣን አጣ።

ብዙዎች ይህን ውድቀት የትዕቢት ዋጋ ብለውታል፤ ፍርዱ ግን ቸኰላ አለበት። ታቲ በ1949 ዓ. ም. ያስተማረው ሥራ ሁሉ የቆመው ፊልሙ የማንም እጅ ሳይገባበት በመሠራቱ ላይ ነበር። የበሩን ድምፅ ለማግኘት ቀናት የሚያባክን ሰው፥ ጌታ ቢኖረው ኖሮ በሁለተኛው ቀን "ይበቃል" ይባል ነበር። በሩም ከተማውም ከአንድ ጠባይ የተወለዱ ናቸው። የመጀመሪያውን ወዶ ሁለተኛውን መንቀፍ የሚቻል አይመስልም።

በ1971 ዓ. ም. "ትራፊክ" የተባለውን ፊልም አወጣ፤ ኡሎ ለካምፕ የሚሆን መኪና ንድፍ ሠርቶ ወደ አምስተርዳም ኤግዚቢሽን ሊያደርስ ሲጓዝ ኤግዚቢሽኑ ካለፈ በኋላ ይደርሳል። ጥሩ ፊልም ነው፤ ነገር ግን የድካም ምልክት አለበት። የተሻለው በቆሙ መኪናዎች ውስጥ ብቻቸውን ያሉ የሚመስላቸው ሰዎች ሲያዛጉና አፍንጫቸውን ሲነካኩ የሚታዩበት ክፍል ነው።

በ1974 ዓ. ም. ለስዊድን ቴሌቪዥን የሠራው "ፓራድ" ከሥራዎቹ የመጨረሻው ሆነ። በስቶክሆልም ሰርከስ ውስጥ፥ ብዙውም በቪዲዮ ካሜራ የተነሣ ርካሽ ሥራ ነው፤ ከታቲቪል በኋላ ይህ ሲታይ ልብ ይነካል። ታቲ በስድሳ ስድስት ዓመቱ የመድረክ መሪ ሆኖ ቀርቦ በረኛውን፥ ዓሣ አጥማጁን፥ ቦክሰኛውንና ፈረሱን ከነፈረሰኛው እንደ ገና ተጫወታቸው። ከአርባ ዓመት ገደማ በፊት ኮሌት ያየችው ጨዋታ በዚህ ምክንያት ለእኛ ቀረልን። በፊልሙ መጨረሻም አዳራሹ ባዶ ሆኖ ሁለት ትንንሽ ልጆች ወደ መድረኩ ገብተው የአርቲስቶቹን ዕቃዎች እየነካኩ ይጫወታሉ።

በ1977 ዓ. ም. የፈረንሳይ ሲኒማ የክብር ሴዛር ሽልማት ሰጠው፤ ፊልሞቹም እንደ ገና መታየት ጀመሩ። በ1982 ዓ. ም. በኅዳር ወር ሞተ። ስድስት ረጅም ፊልም ብቻ ትቶ ሄደ። ከእርሱ ጋር በ"አጎቴ" ላይ የሠራው ፒየር ኤቴ፥ ሠዓሊም የሰርከስ ተጫዋችም የነበረው፥ በኋላ የራሱን አስቂኝ ፊልሞች ሠርቶ እርሱም በባለቤትነት ክርክር ምክንያት ሥራዎቹ ለብዙ ዓመታት እንዳይታዩ ሆነው ነበር።

አንድ ነገር ግን ይቀራል። ታቲ በ1947 ዓ. ም. "የበዓል ቀን"ን ሲያነሣ ሁለት ካሜራ ነበረው፤ አንዱ ቶምሰን ቀለም በተባለ አዲስ የፈረንሳይ ዘዴ በቀለም፥ ሁለተኛው ለጥንቃቄ በጥቁርና ነጭ ያነሣ ነበር። የቀለሙን ፊልም ያቀረበው ኩባንያ ሥዕሉን ማተም ስላልቻለ ሕዝቡ ያየው ጥቁርና ነጩን ነው። ልጁ ሶፊ ታቲሼፍ ከፍራንሷ ኤድ ጋር ተቀምጣ የቀረውን ፊልም አድሳ በ1995 ዓ. ም. በቀለም አሳየችው። ታቲ ያን ጊዜ የመንደሩን በሮች ግራጫ እንዲቀቡ፥ ሰዎቹም ጥቁርና ደብዛዛ ልብስ እንዲለብሱ አድርጎ ነበር፤ ቀለም ከበዓል ተጫዋቾቹ ሠረገላ ጋር ወደ መንደሪቱ እንዲገባና በነጋታው ከሠረገላው ጋር እንዲወጣ ብሎ ነው። የእንጨት ፈረሶቹ ቀይና ሰማያዊ ሆነው ወደ ግራጫው አደባባይ ሲገቡ ሰው ያየው እርሱ ከሞተ ከ13 ዓመት በኋላ ነው።